ለጃፓንኛ ጀማሪዎች የሸጣችሁልን መጽሐፍ አይነበብም

ለቋንቋ ማሰልጠኛ ማዕከሉ አስተዳደር
አዲስ አበባ

እንደምን ሰነበታችሁ። የቅዳሜ ጠዋት የጃፓንኛ ጀማሪዎች ክፍል ተማሪ ነኝ። ስመዘገብ ከትምህርቱ ክፍያ ሌላ የመጽሐፍ ተብሎ ለብቻው ከፍያለሁ፤ ደረሰኙ ላይም «መጽሐፍና ሲዲ» ይላል። የተሰጠኝ ግን የተጠረዘ ፎቶ ኮፒ ነው። ሲዲ የለውም። የመልመጃዎቹ መልስ የለውም። ከመሃሉም ገጽ ጎድሏል።

ኮፒ መሆኑ ብቻ አይደለም ያስከፋኝ። ወረቀት ለመቆጠብ ሁለቱን ገጽ አንድ ላይ አሳንሳችሁ ነው ያባዛችሁት። እንግሊዝኛ ቢሆን ዓይንን አጨንቁሮም ይነበብ ነበር፣ የጃፓን ፊደል ግን እንዲህ አይሆንም። «ሃ» የሚባለው ፊደል ጫፉ ላይ ሁለት ትንንሽ ጭረት ሲጨመርበት «ባ» ይሆናል፣ ትንሽ ክብ ሲጨመርበት ደግሞ «ፓ»። በእኔ ኮፒ ላይ ጭረቱም ክቡም አንድ ጥቁር ነጥብ ሆነዋል። የውጭ ቃላት በሚጻፉበት ፊደል፣ በካታካናው ላይማ ይብሳል። እዚያ ድምፅ የሚረዝመው በአንዲት ሰረዝ ነው፤ «ቢሩ» ህንፃ ነው፣ ከ«ቢ» ቀጥላ ሰረዟ ስትገባ ቢራ ይሆናል፣ ሰረዟ ደግሞ ብዙ ቦታ ላይ ጨርሶ ጠፍታለች። ከቻይና በመጣው ፊደል፣ በካንጂው ላይ ከአናቱ ተጽፋ ንባቡን የምትነግረን ፉሪጋናም፣ ጀማሪ ያለ እሷ አንድ መስመር እንኳን የማይዘልቀውን ማለቴ ነው፣ የጉንዳን ሰልፍ መስላ ቀርታለች።

የጎደለው ገጽ ደግሞ እንደዋዛ የሚታለፍ አይደለም። «ቴ» ቅርጽ የሚባለው የግስ አረባብ የሚብራራበት ነው። ሰው ለመለመን፣ ፈቃድ ለመጠየቅ፣ አሁን እየሠራሁ ነው ለማለት፣ ሁሉም በዚያ ነው የሚያልፈው። «ካኩ» (መጻፍ) ለምን «ካይቴ» እንደሚሆን፣ «ኖሙ» (መጠጣት) ለምን «ኖንዴ» እንደሚሆን የሚያሳየው ሰንጠረዥ የለም፤ ቀጣዩ ምዕራፍ ግን እንደምናውቀው አድርጎ ይቀጥላል። መምህራችን ሰንጠረዡን ሰሌዳ ላይ ጽፈው አስረዱን፣ እግዚአብሔር ይስጥልን። የእሳቸው ጥፋት አይደለም። ግን የክፍሉ ሰዓት ግማሹ የጎደለ ገጽ በመገልበጥ አለቀ።

ሲዲውን በተመለከተ ቢሮ ሄጄ ብጠይቅ «ዩቲዩብ ላይ ሞልቷል፣ ፈልጊ» ተባልኩ። ይሄ መልስ አይደለም። የማዳመጥ መልመጃው የተዘጋጀው ሲዲው ላይ ላለው ድምፅ ነው፤ መጽሐፉ «አዳምጠሽ ትክክለኛውን ሥዕል ምረጪ» ብሎ አራት ሥዕል ሲደረድር፣ ድምፁ ከሌለ ገጹ ባዶ ነው። ደግሞ እኛ አማርኛ ተናጋሪዎች ማጥበቅና ማላላት ስላደግንበት የሚጠብቀውን ድምፅ ቶሎ እንይዛለን፣ የሚረዝመው አናባቢ ላይ ነው ጆሯችን የሚስተው። እሱን ደጋግሞ በመስማት እንጂ በማንበብ አናገኘውም። በተለይ ለእኛ የሚያስፈልገውን ነው የከለከላችሁን።

የምጠይቀው ግልጽ ነው። ድምፁን በፍላሽም ይሁን በቴሌግራም ለሁሉም ተማሪ ስጡን፣ ከፍለንበታል። የጎደሉትን ገጾችና የመልሱን ክፍል ጨምሩልን። የሚነበብ መጽሐፍ በሙሉ መጠኑ አቅርቡልን፤ ዋናው መጽሐፍ ውድ ነው ካላችሁ ዋጋውን ንገሩንና ራሳችን እንወስን፣ ኮፒ መሆኑን ሳትነግሩን የመጽሐፍ ዋጋ አትቀበሉን። ይሄ ካልሆነ ለመጽሐፉ የከፈልኩት ይመለስልኝ።

የሁለተኛው ደረጃ ምዝገባ ከመጀመሩ በፊት መልሳችሁን በጽሑፍ እጠብቃለሁ። ብዙ የክፍል ጓደኞቼም ይህንኑ መልስ አይተው ነው ለመመዝገብ የሚወስኑት። ደረሰኙንና ኮፒውን ማየት ከፈለጋችሁ ቅዳሜ ከክፍል በኋላ ይዤ ቢሮ እመጣለሁ።

ከአክብሮት ጋር
የጀማሪዎች ክፍል ተማሪ