ችግኙን በየቀኑ በትንሽ ውሃ አታርሱት፤ አልፎ አልፎ ውሃ አጥግቡት

ለተከበሩ የጋዜጣው አዘጋጅ፣

በየክረምቱ ስንት ችግኝ እንደተተከለ ትዘግባላችሁ፤ ደግ ነው። እኔ የምጽፈው ግን ስለ ጥቅምት ነው። እንደ ድሬዳዋ ባለ ቆላ ከተማ ችግኝ የሚጠፋው ዝናቡ ካቆመ በኋላ ነው። ከጥቅምት እስከ የካቲት ጠብ የሚል ነገር እምብዛም የለም። በእነዚህ ወራት የሚደርቀው ችግኝ ሁሉ ደግሞ ውሃ የተነፈገው አይደለም፤ ብዙውን ጊዜ ውሃው ተሰጥቶት ሥሩ ዘንድ ሳይደርስ የቀረ ነው።

ነገሬን በድሬዳዋ ዛፍ ላድርገው። መነሻው ማዳጋስካር ነው፤ በአማርኛ ግን ስሙን ከከተማዋ ወስዷል። በበልግ ማብቂያ ቀይ አበባውን ደፍቶ ሲታይ ውሃ የማያስፈልገው ይመስላል። ትልቁ ዛፍ እውነትም ድርቅ ይችላል። ሥሩ ግን በተፈጥሮው ወደ ጎን የሚንሰራፋ ስለሆነ የመጀመሪያዎቹ ሁለት ዓመታት አጠጣጥ ዕድሜ ልኩን ይከተለዋል።

የተለመደው አጠጣጥ ማታ ማታ አንድ ጆግ ውሃ ግንዱ ሥር ደፍቶ መሄድ ነው። እስቲ እናስላው። ውሃ እንዲይዝ በችግኙ ዙሪያ በተሠራ፣ ወርዱ 80 ሴንቲሜትር በሆነ ክብ ውስጥ 2 ሊትር ውሃ ቢደፋ ከፍታው 4 ሚሊሜትር ብቻ ነው። የላዩን አፈር ያጠቁራል፤ በማግስቱ እኩለ ቀን ላይ ግን ፀሐይ ወስዳዋለች። ሥር ደግሞ እርጥበት ወዳለበት ነው የሚሄደው፤ ስለዚህ ከላይ ከላይ ይቀራል። አጠጪው ለአንድ ሳምንት ከጠፋ ችግኙ ይጠወልጋል። እንደ ምንም ካደገም ኮብልስቶኑን ይፈነቅላል፣ ነፋስ ሲበረታ ይገነደሳል። በዚያው ክብ ውስጥ አንድ ባለ 20 ሊትር ጀሪካን ሙሉውን ቢገባ ግን የውሃው ከፍታ 4 ሴንቲሜትር ይሆናል፤ አሸዋ በሚበዛበት አፈር እስከ 40 ሴንቲሜትር ገደማ ይሰርጋል። በ10 ቀን በጆግ የሚደፋው ውሃም ያው 20 ሊትር ነው። ልዩነቱ የሚደርስበት ጥልቀት ነው።

ስለዚህ በመጀመሪያው በጋ በየ5 ቀኑ አንድ ጀሪካን ይበቃል። በሁለተኛው ዓመት ክቡን ወደ አንድ ሜትር ተኩል አስፍቶ በየሁለት ሳምንቱ ሦስት ጀሪካን፣ በሦስተኛው በወር አንድ ጊዜ አምስት ጀሪካን። ከዚያ በኋላ በልጉ ካልከዳ በስተቀር ለራሱ መተው ነው። ሰዓቱ ፀሐይ ከገባች በኋላ ወይም ማለዳ ይሁን። ውሃው ሥሩ ዘንድ መድረሱን ለማወቅ በማግስቱ ጠዋት ባለ 8 ሚሊሜትር ፌሮ ብረት ወደ አፈሩ ይገፋል፤ እርጥቡን አፈር በቀላሉ ይበሳል፣ ደረቁ ላይ ሲደርስ ቀጥ ይላል። ከ30 ሴንቲሜትር በፊት ከቆመ ውሃው አልበቃም ማለት ነው።

20 ሊትር በአንዴ ሲደፋ ውሃው ክቡን ጥሶ ሊፈስ ይችላል። መላው ቀላል ነው። የአሮጌ ጀሪካን ታች ጥጉን በጋለ ቀጭን ሚስማር መብሳት፣ ሞልቶ ክቡ ውስጥ ከግንዱ ትንሽ ራቅ አድርጎ ማስቀመጥ፤ ቀስ እያለ ይንጠባጠባል። ክዳኑ ግን ላላ ይበል። ጥብቅ ተደርጎ ከተዘጋ አየር ስለማይገባ ውሃው ትንሽ ፈስሶ ያቆማል፤ ብዙ ሰው ቀዳዳው የተደፈነ መስሎት ያሰፋዋል፣ ያን ጊዜ ነገሩ ይበላሻል። በሚቀጥለው ዙር ጀሪካኑን ወደ ተቃራኒው ጎን ማዞር ደግሞ ሥሩ በአንድ ወገን ብቻ እንዳይሄድ ይረዳል።

የክቡ ጠርዝ 10 ሴንቲሜትር ከፍ ይበል፤ ግንዱ ሥር ያለው አፈርም ትንሽ ጉብ ይበል፣ ውሃ የተኛበት ልጥ ይበሰብሳልና። ላዩን በገለባ አራት ጣት ያህል ማልበስ ትነቱን ይቀንሳል። ገለባው ግንዱን መንካት የለበትም፤ ምስጥ በዚያ በኩል ይገባል።

ዘንድሮ ከነፕላስቲኩ የተተከለ ችግኝ ካለ ይህ ሁሉ ድካም ከንቱ ነው። ሲነካ የሚወዛወዘውንና አዲስ ቅጠል ያላወጣውን ዙሪያውን ቆፍራችሁ እዩት፤ ፕላስቲኩን በምላጭ ቀዳችሁ አውጡት፣ አፈሩን መልሳችሁ ወዲያው በደንብ አጠጡት።

ሌላው ውሃው ራሱ ነው። በማንቆርቆሪያ ውስጥ ነጭ ቅርፊት የሚሠራው ኖራ አፈሩም ላይ ይከማቻል። አዲሱ ቅጠል ቢጫ ሆኖ ደም ሥሩ ብቻ አረንጓዴ ከቀረ ችግሩ ጥማት አይደለም፤ በኖራው ምክንያት ሥሩ ከአፈሩ ብረት መውሰድ አቅቶታል። ውሃ መጨመር አይፈውሰውም። በደንብ የበሰለ ብስባሽ በዓመት ሁለት ባልዲ መስጠት፣ የጣሪያውን የዝናብ ውሃ ደግሞ በትንሽ ቦይ ወደ ክቡ መምራት ይረዳል። የልብስ እጣቢ አይሰጠው፤ በሳሙናው ውስጥ ያለው ሶዲየም አፈሩን አጠንክሮ ውሃ እንዳያሰርግ ያደርገዋል። ዩሪያም ቅጠል እንጂ አበባ አያመጣም።

አንድ ልመና አለኝ፤ ለከተማው አትክልተኞችም ለባለ ግቢዎችም። የድሬዳዋ ዛፍ በጥር ገደማ ቅጠሉን አራግፎ ደረቅ እንጨት መስሎ ይቆማል። ያኔ አንዳንዱ ጠማው ብሎ በውሃ ያጥለቀልቀዋል፣ አንዳንዱ ሞተ ብሎ ይነቅለዋል። ቅጠል የሌለው ዛፍ ብዙ አይጠጣም፤ ለትንሹ ችግኝ በየ10 ቀኑ አንድ ጀሪካን ይበቃዋል። ቅርንጫፉን በጥፍር ጫር አድርጉት፤ ከልጡ ሥር አረንጓዴና እርጥብ ከሆነ ሕይወት አለው። እባካችሁ፣ የመጋቢትና የሚያዝያ ዝናብ ሳይነካው አትንቀሉት።

ከአክብሮት ጋር፣
አንድ የችግኝ ባለሙያ፣ ከድሬዳዋ