መርከቡ ማክሰኞ ይመጣል

ይድረስ ለአባባ፣

እንደምን ሰነበቱ? እኔ ደህና ነኝ። ልጆቹ ከአባታቸው ጋር ዌሊንግተን ናቸው። ትልቁ ሁለት የፊት ጥርሱ ወልቆ፣ ሲስቅ ቁርጥ እርስዎን ሆኗል።

እኔ ለሥራ አታፉ ከመጣሁ ሦስት ሳምንቴ ነው። ከሳሞአ በስተሰሜን 500 ኪሎ ሜትር ገደማ ላይ ቶከላው የሚባሉ ሦስት አቶሎች አሉ፤ አንዱ ይሄ ነው። አቶል ማለት እንደ ቀለበት ነው። ዳር ዳሩ ቀጫጭን የኮራል አሸዋ (ኮራል ጥቃቅን የባሕር እንስሳት የሚገነቡት ድንጋይ ነው)፣ መሃሉ እንደ ሐይቅ የተኛ ባሕር፣ ውጪው ውቅያኖስ። ጥንት እሳተ ገሞራ ነበር አሉ። ተራራው ቀስ እያለ ሲሰጥም ዙሪያውን የበቀለው ኮራል ወደ ላይ ማደጉን ቀጠለ። አሁን የቀረው ጠርዙ ብቻ ነው። የሦስቱ መሬት ተደምሮ ከ12 ስኩዌር ኪሎ ሜትር አይበልጥም። ከፍተኛው ቦታ 5 ሜትር ገደማ ነው። እርስዎ ደብረ ብርሃን 2800 ሜትር ላይ ተቀምጠው ጎርፍ ይፈራሉ!

ወንዝ የለም፣ ምንጭ የለም። ዝናቡ አሸዋውን ሰርጎ ይወርድና ከታች ካለው ጨዋማ ውሃ ላይ ይንሳፈፋል። ብዙ ከቀዱት ወይም ማዕበል ከደረሰበት ጨው ይገባበታል፤ ከላይ ሲያዩት ግን ምንም አይታወቅም። ስለዚህ የሚጠጣው ከጣሪያ ወደ ታንከር የሚወርደው ነው። እኔ እሱን ነው የምመረምረው። የእኛስ ጣሪያ ተጠገነ? ብሩን ልኬ ነበር እኮ።

ዛፍ ላይ የሚወጣ፣ ኮኮናት የሚሰብር ሸርጣን አለ። ፎቶውን ለልጆቹ ብልክ ትንሿ ሌሊቱን ሙሉ አልተኛችም።

ደስ ያለኝ የዓሣው ነገር ነው። በጋራ የተጠመደው ተዘርግቶ ለየቤቱ ይከፈላል። ያጠመደውም፣ ቤት የዋለው ሽማግሌም ድርሻው ይደርሰዋል። ኢናቲ ይሉታል። ልክ እንደ ቅርጫ፣ ገንዘብ የማይዋጣበት ቅርጫ። እማዬ ብታየው ምን ትል ይሆን እያልኩ ቆሜ ቀረሁ።

ስሟን ካነሳሁ አይቀር ልናገረው። «ፈተና ላይ ናት» ብላችሁ ያረዳችሁኝ አርባዋ ከወጣ በኋላ ነው። በዚያ መሃል ስደውል «ተኝታለች» አሉኝ። እርስዎ ራስዎ፣ በዚሁ በማውቀው ድምፅዎ። ለእኔ አስበው መሆኑ አይጠፋኝም። ግን እስከ ዛሬ አልወጣልኝም።

አሁን ደግሞ በደወልኩ ቁጥር «ደህና ነኝ» ይሉኛል። እህቴ ግን የኩላሊቱ ምርመራ ሁለት ጊዜ መደገሙ አምልጧታል። እንዳይቆጧት።

አባባ፣ እዚህ አውሮፕላን ማረፊያ የለም። መርከብ ከሳሞአ ዋና ከተማ ከአፒያ የሚመጣው በየሁለት ሳምንቱ ገደማ ነው፤ መንገዱ ብቻ ከአንድ ቀን በላይ ይፈጃል። ወደብ ስለሌለ ውጭ ቆሞ ሰዉ በጀልባ ነው የሚወሰደው፣ ኮራሉ መሃል በተከፈተች ጠባብ መተላለፊያ። ባሕሩ ከተቆጣ እሱም የለም። ከአፒያ ኦክላንድ፣ ከዚያ ስንት አውሮፕላን ቀይሬ ቦሌ፣ ከቦሌ ደግሞ እርስዎ ጋ። ሌሊት ሌሊት በጣቴ እቆጥረዋለሁ።

የሚቀጥለው መርከብ ማክሰኞ ነው። ውጤቱን ከዚያ በፊት ይንገሩኝ። በእህቴ በኩል ሳይሆን በራስዎ አፍ። እኛ በ10 ሰዓት እንቀድማለን፤ እርስዎ ለኪዳን ሲነሱ እዚህ ከሰዓት በኋላ ነው፣ ያኔ ስልኩን ይዤ እቀመጣለሁ። የግፊቱን መድኃኒት ደግሞ አያቋርጡ፤ «ዛሬ ቀለል ብሎኛል» ብለው።

ልጅዎ