የጤና መድን ክፍያ ሲዘገይ መደርደሪያው ይራቆታል

ለዝግጅት ክፍሉ፦

አባላት መዋጮ ከፍለው ሲታመሙ ያለ ክፍያ ስለሚታከሙበት ማኅበረሰብ አቀፍ የጤና መድን ሲነሣ አብዛኛውን ጊዜ የሚነገረው የአባላት ቁጥር ነው። በ2003 ዓ.ም. በ13 ወረዳዎች በሙከራ ሲጀመር አባል ማፍራቱ ዋና ሥራ መሆኑ ተገቢ ነበር። አሁን ሥርዓቱን የሚያንቀው ግን የክፍያው መዘግየት ነው።

ጤና ጣቢያው አባሉን ገንዘብ ሳይቀበል ያክማል፤ ወጪውን መዝግቦ ለመድን ጽሕፈት ቤቱ ያቀርባል፤ በኦዲት ከተጣራ በኋላ በየሩብ ዓመቱ ይመለስለታል። በወረቀት ላይ ያምራል። ይሁንና በሩብ ዓመቱ የመጀመሪያ ሳምንት የታደለ እንደ አሞክሳሲሊን ያለ መድኃኒት ዋጋው የሚጠየቀው 3 ወር ሊሞላ ሲል ነው። የአባልነት ቁጥሩ የተሳሳተ፣ ፊርማ የጎደለው ወይም የበሽታው ስም ያልተጻፈበት ማዘዣ ከተገኘ ክርክሩ ይጨመርበታል። በዚህ መሃል ለመድኃኒት መግዣ የሚሆነው ገንዘብ ያልቃል። ወደ ግል መድኃኒት ቤት የተላከው አባል ከኪሱ ይከፍላል፤ መታወቂያ ማደሻው ሲደርስም «ለምኑ ብዬ?» ይላል። ቀድሞ የሚወጣው ጤነኛው ነው፤ የሚቀረው ደጋግሞ የሚታከመው። መዋጮው የሚጠራቀምበት ፈንድም ገቢው ሲቀንስ ወጪው ሲጨምር ከሁለት ወገን ይመናመናል።

መዋጮ መጨመር ብቻውን ይህን አይፈታም። የክፍያ ጥያቄው በየወሩ ይቅረብ፤ አብዛኛው ገንዘብ እንደቀረበ ይለቀቅ፤ ቀሪው ከኦዲት በኋላ ይወራረድ። መንግሥት ለድሃ ድሃ አባላት የሚሸፍነው መዋጮም በበጀት ዓመቱ መባቻ ይግባ፤ ሰኔ ላይ የሚገባ ድጎማ የመስከረምን መድኃኒት አይገዛም። ማዘዣ የሚያስመልሱትን ስሕተቶች ግን ካርድ ክፍሉና ፋርማሲው በዕለቱ አመሳክረው ማረም ይችላሉ፤ ለዚህ ኦዲተር መጠበቅ አያስፈልግም።