አንቺ በምትሻገሪው ውሃ ላይ የተሸጠው ቲኬት

ለምወድሽ ልጄ፣

እንደምን ሰነበትሽ? እኛ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነን። ባለፈው ስንደዋወል እዚያ ፍሎሪዳ ከሴንት ፒተርስበርግ ታምፓ ሥራ ለመግባት በየቀኑ ድልድዩን እንደምትሻገሪ፣ መንገዱ ሲዘጋጋም እንደሚያማርርሽ ነግረሽኛል። እኔ ዕድሜዬን ቲኬት ስቆርጥና ሻንጣ ስመዝን የኖርኩ ሰው ነኝ። በአውሮፕላን በመደበኛ ሰዓት መንገደኛ ማመላለስ የተጀመረው እዚያ ውሃ ላይ ነውና ታሪኩን ሳልነግርሽ ብቀር አይሆንልኝም።

ሰው ስለዚህ ታሪክ ሲያወራ የሚያነሣው አብራሪውን ቶኒ ጃነስን ነው። ጎበዝ ነበር፣ ይገባዋል። እኔ ግን የማደንቀው ፐርሲቫል ፋንስለርን ነው። ፋንስለር አብራሪ አልነበረም፤ የዓሣ አጥማጅ ጀልባ ሞተር የሚሸጥ ነጋዴ ነበር። ሴንት ሉዊስ ውስጥ ቶማስ ቤንዋ የሚባል ሰው ውሃ ላይ የሚያርፍ አውሮፕላን እንደሚሠራ ሰማና ጻፈለት። አውሮፕላን ያን ጊዜ የትርኢት ዕቃ ነበር፤ ሰው ከፍሎ ቆሞ የሚያየው። ፋንስለር ደግሞ ሰው ከፍሎ የሚሄድበት ይሁን አለ። መጀመሪያ ታምፓን ጠየቀ፣ እምቢ አሉት። ሴንት ፒተርስበርግ ግን ተቀበለችው። ከተማዋና ነጋዴዎቿ ሥራው ቢከስር ለመደጎም ቃል ገቡና እ.ኤ.አ. ዲሴምበር 17 ቀን 1913 ውል ተፈረመ።

ለምን እንደተቀበሉት አንቺ ይገባሻል። ያን ጊዜ ድልድይ የለም። መርከቡ 2 ሰዓት ያህል ይፈጃል፤ ባቡሩ ባሕረ ሰላጤውን ዞሮ ስለሚሄድ ከዚያም የባሰ ነው።

ጃንዋሪ 1 ቀን 1914 ጠዋት ወደ 3,000 ሰው ወደብ ላይ ተሰበሰበ። በእኛ አቆጣጠር ታኅሣሥ 23 ቀን 1906 መሆኑ ነው፤ አጤ ምኒልክ ካረፉ ገና 20 ቀናቸው። የመጀመሪያው ወንበር በጨረታ ተሸጠ። የቀድሞው ከንቲባ ኤብራም ፋይል 400 ዶላር ከፍለው ወሰዱት። አውሮፕላኑ ጣሪያ የለው፣ መስኮት የለው። መንገደኛው አንድ ብቻ ሲሆን፣ ከአብራሪው ጎን እንጨት አግዳሚ ላይ ይቀመጣል። መንገድ ላይ ሞተሩ ስላስቸገረ ጃነስ ውሃው ላይ አረፈና አስተካክሎ ተነሣ። እንዲያም ሆኖ ታምፓ የደረሱት በ23 ደቂቃ ነው።

ከዚያ በኋላ ዋጋው ለማንም 5 ዶላር ሆነ። አሁን የእኔን ሙያ ስሚ! 5 ዶላሩ የሚያስኬደው 200 ፓውንድ ነው፤ ወደ 91 ኪሎ መሆኑ ነው። እኛ ሻንጣውን ብቻ ነበር የምንመዝነው። እነሱ ግን የሚቆጥሩት ሰውየውን ከነሻንጣው ነበር። ከዚያ ያለፈ የትርፍ ኪሎ ይከፍላል። ስግብግብነት እንዳይመስልሽ። ሞተሩ 75 የፈረስ ጉልበት ብቻ ነበር፤ ከውሃ ተላቆ ለመነሣት ደግሞ እያንዳንዷ ኪሎ ትቆጠራለች። እኔ ተሳፋሪ በትርፍ ኪሎ ሲከራከረኝ ይህን ባውቅ ኖሮ ቁጭ አድርጌ በነገርኩት!

ጀርመኖች ከዚያ ቀደም በአየር መርከብ ሰው አመላልሰዋል። በአውሮፕላን፣ የመነሻ ሰዓት ቆርጦ፣ ለሁሉም አንድ ዋጋ አውጥቶ ማመላለስ ግን የተጀመረው እዚያ ነው። በቀን ሁለት ጊዜ ደርሶ መልስ ይበሩ ነበር። የሚበሩት ዝቅ ብለው ነው፤ ብዙውን ጊዜ ከውሃው 15 ሜትር ገደማ ከፍ ብለው።

አራት ወር ያህል ሠሩ። የብርዱን ወራት ፀሐይ ፍለጋ ወደ ፍሎሪዳ የመጣው ሰው ወደ ሰሜን ሲመለስ ተሳፋሪ ጠፋ። ድጎማውም አበቃ። ሜይ መጀመሪያ ላይ ዘጉት። እስከዚያ ግን ከ1,200 በላይ መንገደኞች አሻግረው አንድም ሰው ክፉኛ አልተጎዳባቸውም። አንዳንዱ «ከሰረና ተዘጋ» ብሎ ያልፈዋል፣ እኔን ግን አይዋጥልኝም። ቃል የገቡትን ወቅት ሠርተው ጨርሰዋል፤ እንዲያውም አልፈውታል። አዲስ አበባ እኮ አውሮፕላን የሚባል ነገር ያየችው በእኛ አቆጣጠር በ1921 ዓ.ም. ነው!

ጃነስ እ.ኤ.አ. በ1916 የሩሲያ አብራሪዎችን ሲያሠለጥን ጥቁር ባሕር ላይ ወድቆ ሞተ። አስከሬኑም አልተገኘም። ቤንዋም በማግስቱ ዓመት በከተማ ባቡር አደጋ አረፈ። ጃነስ ገና ወጣት ነበር። ይህን ሳነብ ልቤን ከፋው።

የሴንት ፒተርስበርግ የታሪክ ሙዚየም ውስጥ የዚያ አውሮፕላን አምሳያ በሙሉ መጠኑ ተሠርቶ ተቀምጧል። ቅዳሜ ሥራ ከሌለሽ ሄደሽ እይልኝ። ፎቶ ስታነሺ ክንፉን ብቻ አይሁን፤ አግዳሚውን ከቅርብ አንሺልኝ። ሁለት ሰው ከነካፖርቱ እንዴት እንደሚበቃው ማየት እፈልጋለሁ። አባትሽ ሰላም ብሎሻል፤ በርበሬው በሚመጣ ሰው ይላክልሻል።

እናትሽ