የቅዳሜው ፊልም፦ «የወንዝ ማዕበል»

ውድ አባላት፣

ለቅዳሜ የመረጥነው የፕሮፌሰር ሳሌም መኩሪያን «የወንዝ ማዕበል» ነው። ሳሌም አሜሪካ በዌልስሊ ኮሌጅ የሥነ ጥበብ ክፍል ለዓመታት አስተምረዋል። በሦስት ስክሪን ጎን ለጎን የሚታዩ የቪዲዮ ሥራዎችም አሏቸው።

ፊልሙ የ1966ቱን አብዮትና የተማሪዎቹን ትውልድ ይተርካል። ግን ደረቅ የታሪክ ትምህርት አይደለም። ደብዛው ለጠፋ የሳሌም ወንድምና ለተገደለች የልብ ጓደኛቸው መታሰቢያ ነው። እኔን የያዘኝ ይሄ ነው። የሞተ ሰው ይቀበራል፣ ለቅሶ ይቀመጡለታል፣ ተዝካሩ ይወጣል። ጠፍቶ ለቀረ ሰውስ ምን ይደረጋል? በስንቱ ቤት ስሙ ሲነሳ ወሬ የሚቀየርለት ሰው አለ። ልጆችም ሳይጠይቁ ያድጋሉ። ሳሌም የራሳቸውን ቤተሰብ ሐዘን ካሜራ ፊት ማውጣታቸው ትልቅ ድፍረት ነው።

በቀይ ሽብር ዘመን ያለፋችሁ አባላት፣ ከከበዳችሁ መሃል ላይ መውጣት ትችላላችሁ። ማንም ለምን አይላችሁም። ከፊልሙ በኋላ ቡና አለ። መናገር የፈለገ ይናገራል፣ ዝም ማለትም ይቻላል። ወጣቶች ወላጆቻችሁን ይዛችሁ ብትመጡ ደስ ይለናል። ግን ፊልሙ ስለ ምን እንደሆነ አስቀድማችሁ ንገሯቸው፤ እባካችሁ በድንገት አታምጧቸው።