ከንጋት የሚቆጥር ሰዓት ለአራት ኪሎ

ለአዲስ አበባ ከተማ አስተዳደር ባህል፣ ኪነ ጥበብና ቱሪዝም ቢሮ

ጉዳዩ፦ በአራት ኪሎ በአገራችን አቆጣጠር የሚሠራ የአደባባይ ሰዓት እንዲቆም ስለመጠየቅ

ይህን ደብዳቤ የምጽፍላችሁ በአንዲት የሌለች ከተማ ምክንያት ነው። ስሟ ኬክሮስ ይባላል። ቅዳሜ ቅዳሜ አራት ኪሎ አካባቢ ተረት ከምንጽፋቸው የአሥራ ሁለትና የአሥራ ሦስት ዓመት ልጆች ጋር የፈጠርናት፣ ሕዝቧ ከወርቅም ከመሬትም አስበልጦ ጊዜን የሚያከብር የምናብ ከተማ ናት። የምለምናችሁ ግን ለምንኖርባት ከተማ ነው።

ሥራውን ስንጀምር ልጆቹን «ጊዜ የነገሠባት ከተማ ሳሉልኝ» አልኳቸው። ሁሉም ሹል ጣሪያ ያለው የድንጋይ ማማ፣ ባለ ጥርስ የብረት መዘውርና ጭጋግ ሳሉ። በፊልም ያዩት ነው፤ አልፈረድኩባቸውም። ከመካከላቸው አንዷ በደብተሯ የኋላ ሽፋን ላይ በሰማያዊ እስክሪብቶ ትልቅ ሰዓት ስላ ቁጥሮቹን ሞልታ ስትጨርስ፣ «ፀሐይ በየት በኩል ትወጣለች?» ብዬ ጠየቅኋት። ጣቷን አናቱ ላይ ወዳለው 12 ወሰደች። ከዚያ ቆም አለች። «ፀሐይማ ከላይ አትወጣም» አለች። ሽፋኑን ገነጠለችና በሌላ ገጽ ላይ አዲስ ክብ አሰመረች። የንጋቱን 12 በስተግራ ጠርዝ፣ የቀኑን 6 አናት ላይ፣ የምሽቱን 12 በስተቀኝ፣ የሌሊቱን 6 ደግሞ ከታች ጻፈች። የታችኛውን ግማሽ በእስክሪብቶዋ አጠቆረችው። አንድ ዘንግ ብቻ ያለው፣ በቀንና በሌሊት አንዴ የሚዞር፣ ፀሐይን እግር በእግር የሚከተል ሰዓት ሆነ።

ያን ሰዓት ሳይ የዘመን አቆጣጠር ትምህርታችን ባሕረ ሐሳብ ትዝ አለኝ። ሊቃውንቱ አንዱን ዕለት ከነሌሊቱ ለስድሳ ኬክሮስ ይከፍሉታል፤ አንዱ ኬክሮስ ዛሬ በምንቆጥረው 24 ደቂቃ ይሆናል። ኬክሮሱ ደግሞ ለስድሳ ካልዒት ይከፈላል። ይህን ለልጆቹ ስነግራቸው በክቡ ዙሪያ ስድሳ ጭረት አሰመሩ፤ ሠላሳው በብርሃኑ፣ ሠላሳው በጨለማው በኩል ዋለ። የከተማዋም ስም ያን ቀን ወጣ።

ከዚያ በኋላ ማን ያስቁማቸው! በኬክሮስ ቀጠሮ የሚሰጠው በቡና ነው፦ «በአቦል»፣ «በቶና»፣ «በበረካ እንገናኝ» ይባባላሉ። ቀጠሮ ያፈረሰ ሰው ያባከነውን ያህል ኬክሮስ ከአንድ አረጋዊ ጋር ተቀምጦ ያጫውታል። የከተማዋ በሮች አራት ናቸው፤ ማቴዎስ፣ ማርቆስ፣ ሉቃስ፣ ዮሐንስ፤ በየዓመቱ በተራ ይከፈታሉ። ጳጉሜን የሚባል ሰፈርም አላት፤ በዓመት አምስት ቀን ብቻ የሚታይ፣ የተጣላ ሰው ሳይታረቅ የማይገባበት። የሉቃስ በር በተከፈተበት ዓመት መጨረሻ ስድስተኛ ቀን ይጨመርለታል።

ከሁሉ የወደድኩት ግን ዳገቱን ነው። በኬክሮስ ዳገት የሚወጣ ሰው ወደ ኋላ ዘመን ይሄዳል። ይህን የፈጠረው ልጅ ከየት እንዳመጣው ስጠይቀው በመስኮት በኩል ወደ ስድስት ኪሎ አመለከተኝ። እውነቱን ነው። አራት ኪሎ የቆምንበት የሚያዝያ 27 አደባባይ የ1933ን ድል ይዟል፤ ሽቅብ ስንወጣ የየካቲት 12 አደባባይ የ1929ን ሰማዕታት ይዟል። በእግር ዳገቱን የወጣ ሰው ከድሉ ቀን ወደ ጭፍጨፋው ቀን ተመልሷል። መንገድ ላይ፣ አምስት ኪሎ፣ በብሔራዊ ሙዚየም ድንቅነሽ 3.2 ሚሊዮን ዓመቷን ይዛ ትጠብቀዋለች። ወደ ካዛንቺስ ቢወርድ ደግሞ በአፍሪካ አዳራሽ የአፈወርቅ ተክሌ የመስታወት ሥዕል የአህጉሪቱን ትናንት፣ ዛሬና ነገ በሦስት ክፍል ያሳየዋል። ጊዜን እንዲህ በአደባባይ የጻፈች ከተማ ውስጥ እየኖርን፣ በየት ከተማ እንዳለ የማናውቀውን ማማ ልጆቻችን መሳላቸው ያሳዝነኛል።

ጉዳዩ የተረት ብቻ አይደለም። እናቴ ባለፈው ዓመት ከአንድ ሕክምና ቦታ የተሰጣት የቀጠሮ ወረቀት 8:00 ይላል። ነጠላዋን አጣፍታ፣ ምሳዋን በልታ በስምንት ሰዓት ደረሰች። ለካ ከጠዋቱ ሁለት ሰዓት ማለት ኖሯል። ተራዋ አልፎ ስለነበር ሳትታይ ተመለሰች። በየቀኑ «በሀበሻ ነው በፈረንጅ?» እያልን እንጠያየቃለን፤ የምንናገረውና በስልካችን ላይ የምናነበው ለየቅል ነው። አቆጣጠራችን ደግሞ ለቦታችን የተገባ ነው። ለምድር ወገብ ቅርብ ስለሆንን ፀሐይ ዓመቱን ሙሉ በአሥራ ሁለት ሰዓት ገደማ ትወጣለች፤ ከዚያ አንድ ብሎ መቁጠር ከማየት የመጣ ዕውቀት ነው። ሌላውን አቆጣጠር ይቅር አልልም። የእኛው የሚታይበት አንድ ቦታ ይኑረን ነው የምለው።

ስለዚህ የምጠይቃችሁ ይህን ነው። በአራት ኪሎ፣ የድሉን ሐውልት በማይጋርድ የእግረኛ መንገድ ዳር፣ ልጅቷ እንደሳለችው ከላይ ቀን ከታች ሌሊት ያለው፣ ስድሳው ኬክሮስ በጠርዙ የተሰመረ ሰዓት ይቁም። ቁጥሮቹ በግዕዝ፣ ከ፩ እስከ ፲፪ ይጻፉ። ከሥሩ የዘመኑ ወንጌላዊ ስም ይለጠፍ፤ በየመስከረም 1 ይቀየር። ስሌቱን የባሕረ ሐሳብ መምህራን ይመልከቱት፤ ብረቱን የከተማችን ቀጥቃጮችና በያጆች ይሥሩት።

መጪው የሉቃስ ዘመን 2019 ዓ.ም. ነው፤ ጳጉሜንም ስድስት ትሆናለች። ልጆቹ ሰዓቱ ጳጉሜን 6 ቀን ንጋት ላይ መሥራት ቢጀምር ብለው ተስማምተዋል፤ እኔም ከዚህ የተሻለ ቀን አላገኘሁም። ሥዕሎቹን አሥራ አንዱንም በካርቶን ላይ ለጥፈናቸዋል። ቀን ስጡንና ልጆቹ ራሳቸው ይዘውላችሁ ይምጡ። ቀጠሮው ከጠዋቱ ሦስት ሰዓት ከሆነ፣ እባካችሁ ወረቀቱ ላይ 3:00 ብላችሁ ጻፉልን።

ከአክብሮት ጋር
የልጆቹ መምህር፣ ከአራት ኪሎ