ስለ «ኢንዳይት» ለልጄ

ይድረስ ለምወድሽ ልጄ፤ ለጤናሽ እንደምን ሰነበትሽ? እኛ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነን። እናትሽ ሽሮና በርበሬ በሰው ልካልሻለች፤ ሲደርስሽ ደውይላት፤ አለበለዚያ እንቅልፍ የላትም።

በስልክ ያጫወትሽኝ ነገር ከአእምሮዬ አልወጣም። በፍርድ ቤት አስተርጓሚነት ልምምድ ላይ ክስ መመሥረት የሚለውን የእንግሊዝኛ ቃል እንደ ጽሕፈቱ «ኢንዲክት» ብለሽ ብታነቢው ሳቁብሽ። አነባበቡ «ኢንዳይት» ነው። ግን በጽሕፈቱ ውስጥ «ክ» ያሰኘችሽ ያቺ «ሲ» ከጥንት የነበረች እንዳትመስልሽ። ቃሉ ከፈረንሳይኛ ሲገባ ያለ እርሷ ነበር የሚጻፈው፤ ላቲን የጠገቡ ሊቃውንት ናቸው ዘሩን እናሳይ ብለው ኋላ የሰነቀሯት። ሕዝቡ አነጋገሩን አልቀየረም። በ«ዴት»፣ ማለትም በዕዳ ውስጥ ያለችው «ቢ»ም፣ በደረሰኙ «ሪሲት» ውስጥ ያለችው «ፒ»ም በዚሁ መንገድ የገቡ ናቸው። የ«ሪሲት» የሥጋ ዘመድ የሆነው «ዲሲት»፣ ማታለል ማለት ነው፣ ዛሬ ያለ «ፒ» ይጻፋል። ይህ ምን ዓይነት ፍርድ ነው? በ«አይላንድ»፣ ማለትም በደሴት ላይማ ጭራሽ ስተዋል፤ ቃሉ ጥንታዊ እንግሊዝኛ ሆኖ ሳለ የላቲኑ «ኢንሱላ» ዘመድ አስመስለው «ኤስ» ጨመሩበት።

የመጥሪያው ቃል «ሰፒና» ግን ሌላ ነው። «ቢ»ዋ አትሰማም እንጂ ባለ ርስት ናት፤ በላቲን ሁለት ቃል ሆኖ «ከቅጣት በታች» ማለት ነው፤ ካልቀረብህ ትቀጣለህ እንደ ማለት። ስታነቢው «ፒ» ላይ ጠበቅ አድርጊ።

እኔን ዘወትር የሚያስቀኝ ኮሎኔል ነው። በ«ኤል» ይጽፉትና «ከርነል» ብለው ያነቡታል። በ16ኛው ክፍለ ዘመን ከፈረንሳይኛው «ኮሮኔል» ወሰዱት፤ በኋላ ጽሕፈቱን ወደ ጣሊያንኛው «ኮሎኔሎ» መለሱት፤ ድምፁ ግን በፈረንሳዩ ቀረ። ለጽሕፈቱስ ከእነርሱ ይልቅ እኛ ታማኞች ነን!

ከኮሎኔል ሳልወጣ፣ በመዝገበ ቃላታቸው «ኒገስ» የሚል ብታገኚ ሁለት ፍች አለው። አንዱ የእኛው ንጉሥ ነው። ሌላው ከወይን ጠጅ፣ ከሙቅ ውኃ፣ ከስኳር፣ ከሎሚና ከቅመም የሚሠራ መጠጥ ሲሆን ስሙን ያገኘው በ1732 ከሞተው እንግሊዛዊ ኮሎኔል ፍራንሲስ ኒገስ ነው። ከዙፋናችን ጋር አይተዋወቁም።

የሳቁብሽን ሰዎች «ንጉሥ» የሚለውን በእሳቱ «ሰ» ነው ወይስ በንጉሡ «ሠ» የሚጻፈው ብለሽ ጠይቂልኝ። በጆሮ የሚለየው የለም፤ እኛም ድምፃቸው የጠፋ ፊደላት ተሸክመን ነው የምንኖረው። ልዩነቱ የእኛዎቹ በግእዝ ዘመን የየራሳቸው ድምፅ ነበራቸው፤ የሊቃውንቱ «ሲ» ግን በእንግሊዝኛው ቃል ውስጥ አንድም ቀን ተሰምታ አታውቅም።

ለፈተናው ስትዘጋጂ የሚያስቸግርሽን ቃል ሁሉ በግእዝ ፊደል አነባበቡን ከጎኑ ጻፊ፤ በማስተማር ዘመኔ ተማሪዎቼን የጠቀማቸው ይህ ነው። ዝርዝሩን ላኪልኝና አብረን እናየዋለን። ጡረተኛ ምን ሥራ አለው?

አባትሽ